ድምፁ የማን ነው? የስፖርት ኮሜንታተሩ ሙያና ያልተመለሰው ጥያቄ

የኢትዮጵያ ብሔራዊ የእግር ኳስ ቡድን በታኅሣሥ ወር 1980 ዓ.ም. በአዲስ አበባ ስታዲየም ዚምባብዌን በፍፁም ቅጣት ምት አሸንፎ የምሥራቅና መካከለኛው አፍሪካን ዋንጫ (ሴካፋን) ሲወስድ፣ ጨዋታውን በቦታው ተገኝቶ ያየው ስታዲየሙ የያዘውን ያህል ሰው ብቻ ነው፡፡ «ያንን ቀን አስታውሰዋለሁ» የሚለው ሰው ግን ስታዲየሙ ሊይዝ ከሚችለው ብዙ እጥፍ ነው፡፡ እነዚህ ሁሉ ሰዎች አልዋሹም፡፡ አብዛኞቹ ጨዋታውን የተከታተሉት ሌላ ሰው እያየ ሲነግራቸው ነው፤ ያ ነጋሪ ደግሞ ደምሴ ዳምጤ ነበር፡፡

ከዚያ ወዲህ ከ35 ዓመት በላይ አልፏል፡፡ የተጫዋቾቹ ስም የጠፋባቸው ሰዎች እንኳ የደምሴን ድምፅ አልረሱም፡፡ የዚህ ጽሑፍ ጉዳይ እንዲህ ያለውን ድምፅ የሚያፈራው ሙያ ነው፡፡ የስፖርት ኮሜንታተር ሥራው ምንድን ነው? ከምን ይኖራል? ከማይክሮፎኑ ሲለይ ምን ይዞ ይወጣል? ድምፁስ በሕግ ዓይን የማን ንብረት ነው? የሕግ ባለሙያ በመሆኔ ይመስለኛል፣ የመጨረሻው ጥያቄ ከሌሎቹ ሁሉ ይከነክነኛል፡፡ ወደዚያ ለመድረስ ግን ከሥሩ መነሳት ያስፈልጋል፡፡

ያለ ሥዕል የተጀመረ ሙያ

የስፖርት ኮሜንታተርነት የሬዲዮ ልጅ ነው፡፡ ቢቢሲ የመጀመሪያውን የእግር ኳስ ጨዋታ በቀጥታ ያስተላለፈው እ.ኤ.አ. ጥር 22 ቀን 1927 አርሰናልና ሼፊልድ ዩናይትድ ሲጫወቱ ነው፡፡ አስተላላፊው ቴዲ ዌክላም የሚባል ሰው ነበር፡፡ የቢቢሲ መጽሔት አስቀድሞ የሜዳውን ሥዕል ቁጥር በተሰጣቸው አራት ማዕዘኖች ከፋፍሎ ስላተመ፣ አድማጩ መጽሔቱን ከፊቱ ዘርግቶ ኳሷ በየትኛው ማዕዘን ውስጥ እንዳለች በቁጥር ይከታተል ነበር፡፡ እንግዲህ የሙያው የመጀመሪያ ግዴታ ከዚህ ይመነጫል፡፡ ላላየው ሰው ኳሷ የት እንዳለች መንገር ነው፡፡

በእኛም አገር ታሪኩ ተመሳሳይ ነው፡፡ ኢትዮጵያ ሦስተኛውን የአፍሪካ ዋንጫ አስተናግዳ ጥር 13 ቀን 1954 ዓ.ም. የተባበረችውን ዓረብ ሪፐብሊክ (የዛሬዋን ግብፅ) በተጨማሪ ሰዓት 4 ለ 2 ስታሸንፍና አምበሉ ሉቺያኖ ቫሳሎ ዋንጫውን ከቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ እጅ ሲቀበል፣ በአገሪቱ የቴሌቪዥን ጣቢያ አልነበረም፡፡ አበበ ቢቂላ ሮም ላይ በባዶ እግሩ ሲያሸንፍም አልነበረም፡፡ በቶኪዮ ድሉን የደገመው ጥቅምት 11 ቀን 1957 ዓ.ም. ሲሆን፣ የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ሥራ የጀመረው ከ12 ቀን በኋላ ጥቅምት 23 ቀን ነው፡፡ ይህም ማለት የአገራችን የስፖርት ታላላቅ ትውስታዎች የመጀመሪያው ምዕራፍ በሙሉ ቴሌቪዥን ሳይደርስበት ያለቀ ነው፡፡ ሕዝቡ የሰማውን እንጂ ያየውን አልነበረም የሚያወራው፡፡ እንደ ሰሎሞን ተሰማ ያሉ የሬዲዮ ሰዎች ስም ገና ያልተወለደው ትውልድ ዘንድ ሳይቀር የደረሰው በዚህ ምክንያት ነው፡፡

ቴሌቪዥኑ ከመጣ በኋላም ለረጅም ዓመታት የአዲስ አበባና የጥቂት ከተሞች ንብረት ነበር፡፡ ስለዚህ የኢትዮጵያ የቴሌቪዥን ኮሜንታተር አስተማሪው ሬዲዮ ነው፡፡ የአነጋገሩ ፍጥነት፣ ዝም ማለት እንደ ጥፋት የሚቆጠርበት ልማድ፣ የተጫዋቹን ስም ከነአባቱ እየጠራ ኳሷን ከእግር እግር ማድረስ፣ ሁሉም የሬዲዮ ቅርስ ነው፡፡

ሁለት ሙያ በአንድ ስም

በመሠረቱ የሬዲዮና የቴሌቪዥን ኮሜንታተር ሥራ አንድ አይደለም፡፡ የሬዲዮው ኮሜንታተር ሜዳውን ይሠራል፡፡ ኳሷ በየት መስመር እንዳለች፣ ማን እንደያዛት፣ ውጤቱ ስንት ለስንት እንደሆነ፣ ስንት ደቂቃ እንደቀረ በየጊዜው ካልተናገረ አድማጩ ይታወራል፡፡ ዘግይቶ ሬዲዮውን የከፈተ ሰው መኖሩን ለአፍታ እንኳ መዘንጋት የለበትም፡፡

የቴሌቪዥኑ ኮሜንታተር በተቃራኒው ተመልካቹ የሚያየውን ይደግማል ተብሎ ይወቀሳል፡፡ ሥዕሉ «መታው» እያለ እሱም «መታው» ቢል ምን ጨመረ? የእሱ ድርሻ ሥዕሉ የማይናገረውን መናገር ነው፡፡ ተጫዋቹ ከየት እንደመጣ፣ ዳኛው ለምን እንደነፋ፣ አሰላለፉ ለምን እንደተለወጠ፣ ያ ሯጭ በመጨረሻው ዙር ለምን ወደ ኋላ እንዳፈገፈገ ማስረዳት አለበት፡፡ ለዚህ ደግሞ ከጨዋታው በፊት ለሰዓታት ማንበብ፣ ማስታወሻ መያዝ፣ ስሞችን በትክክል መጥራት መለማመድ ያሻል፡፡ በ90 ደቂቃ ውስጥ የሚሰማው ንግግር ከማስታወሻው ጥቂቱ ብቻ ነው፡፡ ቀሪው ለክፉ ቀን የተቀመጠ ስንቅ ነው፤ ጨዋታው ሲቀዘቅዝ፣ ዝናብ ሲያቋርጠው፣ ተጫዋች ተጎድቶ ሜዳ ላይ ሲተኛ የሚወጣ፡፡

ከሁሉም የሚከብደው ግን ዝም ማለት ነው፡፡ ጎል ከገባ በኋላ የስታዲየሙን ጩኸት ለጥቂት ሰከንዶች ለተመልካቹ መተው የሚችል ኮሜንታተር ብዙ አይደለም፡፡ በሬዲዮ ያደገ አንደበት ይህን ለመልመድ ይቸገራል፡፡

በሌላ በኩል ግን ሬዲዮው ቴሌቪዥኑን የሚያሸንፍበት ጊዜ አለ፡፡ ማራዶና በ1986ቱ የሜክሲኮ የዓለም ዋንጫ በእንግሊዝ ላይ ግማሽ ሜዳ አቋርጦ ያገባትን ጎል አርጀንቲናውያን ዛሬ የሚያዩዋት በቪክቶር ሁጎ ሞራሌስ ድምፅ ታጅባ ነው፡፡ ሞራሌስ ኡራጓያዊ ነው፤ ጨዋታውን ሲያስተላልፍ የነበረውም ለሬዲዮ ነው፡፡ ሥዕሉና ድምፁ በኋላ ተጋቡ፡፡ የተጋቡትም ሥዕሉ ብቻውን ያንን ስሜት መሸከም ስላቃተው ይመስለኛል፡፡

ያልተጻፈ ንግግር

በእኛ አገር ሁኔታ ለኮሜንታተሩ መወደድ አንድ ተጨማሪ ምክንያት ነበረ፡፡ ይህ ምክንያት ብዙ ጊዜ ሲነሳ አልሰማም፡፡

በደርግ ዘመን ሬዲዮና ቴሌቪዥን የመንግሥት ብቻ ነበሩ፡፡ ዜናው ተጽፎና ታይቶ ነው የሚነበበው፡፡ ቅድመ ምርመራ በሕግ የቀረው በ1985 ዓ.ም. በወጣው የፕሬስ ነፃነት አዋጅ ነው፡፡ እንግዲህ በዚያ ዘመን ከማይክሮፎን ፊት ተቀምጦ፣ ወረቀት ሳይዝ፣ ቀጥሎ የሚናገረውን ራሱም ሳያውቅ ለረጅም ሰዓት ለሕዝብ የሚናገር ሰው ማን ነበር ብንል፣ በጣት ከሚቆጠሩት መካከል የስፖርት ኮሜንታተሩ ይገኝበታል፡፡ ኳስ ቀድማ ስለማትመረመር ንግግሩም ሊመረመር አይችልም ነበር፡፡ ሲናደድ እውነተኛ ንዴት፣ ሲደሰት እውነተኛ ደስታ ይሰማ ነበር፡፡ አድማጩ ይህን በቃላት ላያስረዳው ይችላል፤ ጆሮው ግን ልዩነቱን ያውቃል፡፡

ኮሜንታተሩ ፖለቲከኛ ነበር ማለቴ አይደለም፡፡ የመንግሥት ሠራተኛ ነበር፤ የዘመኑን ወግ ጠብቆ ነው የሚናገረው፡፡ ሆኖም በአንድ አገር ውስጥ ያልተጻፈ ንግግር ብርቅ በሆነበት ጊዜ፣ ያን የሚያደርግ ሰው ከሥራው በላይ የሆነ ቦታ በሕዝቡ ልብ ያገኛል፡፡

ጆሮው ከየት ለመደው?

እኔ የጋይንት ልጅ ነኝ፡፡ ጋይንት፣ ስማዳና እስቴ ከጉና ተራራ በስተምሥራቅና በስተደቡብ ተዘርግተው የሚገኙ የደቡብ ጎንደር አገሮች ናቸው፡፡ በ1980 ዓ.ም. በነፋስ መውጫ ተማሪ ነበርኩ፡፡ የሴካፋውን ፍፃሜ ጎረቤቱ ሁሉ በተሰበሰበበት አንድ ሬዲዮ ዙሪያ ሆነን ነው የሰማነው፡፡ የባትሪ ድንጋዩ እንዳይደክም ጠዋት ፀሐይ ላይ ተሰጥቶ ነበር፡፡ ከመካከላችን አዲስ አበባ ስታዲየምን ያየ አንድም ሰው አልነበረም፡፡ ይሁንና ስለ ካታንጋና ስለ ከማን አንሼ መቀመጫዎች እንደ ሠፈራችን ነበር የምናወራው፡፡

ያ ኅብረተሰብ ጨዋታን በድምፅ መከታተል ከሬዲዮ በፊት ያውቅ እንደነበር በኋላ ነው ያስተዋልኩት፡፡ በእነዚህ አገሮች በገና ቀን ጎበዛዝት በሠፈር ተከፍለው ሩር ይመታሉ፡፡ ሜዳው ሰፊ ነው፤ ወሰኑም በውል አይታወቅም፡፡ ከዳር የቆመው ሽማግሌ ሁሉንም ማየት ስለማይችል ጩኸቱን ሰምቶ ነው ሩሯ ወዴት እንደሄደች የሚያውቀው፡፡ ጨዋታው ሲያልቅ አሸናፊው ወገን ተሸናፊውን በግጥም ይሸነቁጠዋል፤ ተሸናፊውም ይችለዋል፡፡ የማታ ማታ ሰው የሚያስታውሰው ግጥሙን ነው፡፡

ፉከራውንም ልብ እንበል፡፡ ፎካሪው ድምፁን ከዝቅታ ይጀምርና እያፈጠነ፣ እያሳደገ፣ ስምና ግዳይ እየጠራ ጫፍ ላይ ያደርሰዋል፡፡ አንድ ጥሩ ኮሜንታተር አጥቂው የመሀል ሜዳውን አልፎ ግብ ጠባቂው ፊት እስኪደርስ ድረስ የሚያደርገው ከዚህ የተለየ አይደለም፡፡ ኮሜንታተሮቻችን ከቢቢሲ ተማሩ ብንል እንኳ፣ የአድማጩ ጆሮ የተቀረጸው በፉከራና በገና ሜዳ ነው ብዬ አምናለሁ፡፡ የጋይንት ገበሬ የማያውቀውን ጨዋታ ያለ አስተርጓሚ የተረዳው ለዚህ ነው፡፡

አማርኛውም የራሱን ዕቃ ሠርቷል፡፡ ግብ ጠባቂ፣ ተከላካይ፣ አማካይ፣ አጥቂ፣ የማዕዘን ምት፣ ከጨዋታ ውጭ፣ ፍፁም ቅጣት ምት የሚሉት ቃላት ዛሬ እንደ ውኃ የሚጠጡ ናቸው፡፡ ከመዝገበ ቃላት ይልቅ ሕዝቡን ያስለመዱት ኮሜንታተሮችና የስፖርት ጋዜጠኞች ናቸው፡፡ አንድ ቋንቋ አዲስ ነገር ሲገጥመው ቃል የሚያወጡለት ምሁራን ይሆናሉ፤ ቃሉን በሰው አፍ የሚያስገባው ግን በየሳምንቱ የሚናገር ሰው ነው፡፡

ሙያው ከምን ይኖራል?

ደምሴ ዳምጤን የመሰሉት የዚያ ዘመን ኮሜንታተሮች የመንግሥት ሠራተኞች ነበሩ፡፡ ደመወዛቸው እንደማንኛውም ጋዜጠኛ ነው፤ ጡረታቸውም እንደዚያው፡፡ ዝናቸው ከደመወዛቸው ጋር ግንኙነት አልነበረውም፡፡ ጥቂቶች ሙያውን ወደ ሌላ መሰላል መውጫ አድርገውታል፡፡ ፍቅሩ ኪዳኔ በአገር ውስጥ ከስፖርት ጋዜጠኝነት ተነስቶ በፓሪስ የስፖርት መጽሔት እስከማዘጋጀት፣ በኋላም በዓለም አቀፉ የኦሊምፒክ ኮሚቴ በሎዛን የዓለም አቀፍ ትብብር ኃላፊ እስከመሆን ደርሷል፡፡ ይህ ግን እንደ ልዩ ሁኔታ የሚታይ እንጂ ለሌላው የተዘረጋ መንገድ አይደለም፡፡

የኤፍ ኤም ጣቢያዎች ከተስፋፉ ወዲህ ሁለተኛ ዓይነት ኮሜንታተር ተፈጠረ፡፡ ይህኛው ከጣቢያው የአየር ሰዓት ይገዛል ወይም ከገዛ ሰው ጋር ይሠራል፡፡ ኪራዩን የሚከፍለው ማስታወቂያ ፈልጎ ነው፡፡ በቅርብ ዓመታት ከማስታወቂያው ብዙው ከስፖርት ውርርድ ድርጅቶች መምጣቱ የራሱ ችግር አለው፤ ስለ ጨዋታው እንዲፈርድ የተቀመጠ ሰው በጨዋታው ላይ ገንዘብ በሚያስቀምጥ ንግድ ሲተዳደር አድማጩ ቢጠራጠር አይፈረድበትም፡፡ ከጣቢያው ጋር የሥራ ቅጥር የሌለው በመሆኑም፣ ከ2003 ዓ.ም. ጀምሮ ለግል ድርጅት ሠራተኞች የተዘረጋው ጡረታ አሠሪው እየቆረጠ የሚያስገባለት መብት አይሆንለትም፡፡ ራሱ ካላሰበበት ማይክሮፎኑን ባስቀመጠ ማግስት ገቢው ይቆማል፡፡

ሦስተኛው ለውጥ የስርጭት መብት ገበያ ያመጣው ነው፡፡ የኢትዮጵያ ፕሪሚየር ሊግ አክሲዮን ማኅበር በ2013 ዓ.ም. የሊጉን የስርጭት መብት ለአምስት ዓመት ለዲኤስቲቪ ባለቤት ለመልቲቾይስ ሰጠ፡፡ ጨዋታዎቹ በአዲስ አበባ፣ በጅማ፣ በባሕር ዳር፣ በድሬዳዋና በሐዋሳ ብቻ ስለተካሄዱ፣ የሌላው ከተማ ደጋፊ ክለቡን የሚያገኘው በቴሌቪዥን መስኮት ሆነ፡፡ በዚያው ዓመት ፋሲል ከነማ ለመጀመሪያ ጊዜ ሻምፒዮን ሲሆን የደቡብ ጎንደር ወጣት ድሉን የተከታተለው እንደዚህ ነው፡፡ በ2013 ዓ.ም. ማብቂያ ደግሞ ሱፐርስፖርት የእንግሊዝ ፕሪሚየር ሊግን በአማርኛ ኮሜንታሪ ማሰራጨት ጀመረ፡፡ የአማርኛ ኮሜንታተር ለመጀመሪያ ጊዜ በዓለም አቀፍ ገበያ ዋጋ የሚሰጠው ባለሙያ ሆነ ማለት ይቻላል፡፡

ይህ መልካም ዜና ነው፡፡ ነገር ግን የሙያው ዕጣ አሁን የተንጠለጠለው መብቱን በገዛው ድርጅት ውሳኔ ላይ መሆኑን መዘንጋት አይገባም፡፡ መብቱ ሲሸጥ ይቀጠራል፤ ውሉ ሲያልቅ ወይም ገዢው ሲለወጥ ይበተናል፡፡ በእንግሊዝም ሆነ በሌላው ዓለም የሆነው ይኸው ነው፡፡ የ1966ቱን የዓለም ዋንጫ ፍፃሜ ለቢቢሲ ያስተላለፈው ኬኔት ዎልስተንሆልም፣ በመጨረሻዎቹ ሰከንዶች የተናገራት ዓረፍተ ነገር በአገሩ ተረት እስክትሆን ብትደርስም፣ ቢቢሲን የለቀቀው ከዚያ አምስት ዓመት ብቻ ቆይቶ በ1971 ነው፡፡ ንግግሩ ከሥራው ረጅም ዕድሜ ኖረ፡፡

ድምፁ በሕግ ዓይን

አሁን ወደ ዋናው ጥያቄ ደርሰናል፡፡ አንድ የስፖርት ስርጭት ሦስት ነገሮች የተደራረቡበት ነው፡፡ ጨዋታው፣ ሥዕሉና ንግግሩ፡፡

ጨዋታው ራሱ በቅጅ መብት የሚጠበቅ የፈጠራ ሥራ አይደለም፡፡ የአውሮፓ ኅብረት ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. በጥቅምት 2011 በሰጠው ውሳኔ የእግር ኳስ ጨዋታ በሕግ የተወሰነ ደንብ ስለሚገዛው ለፈጠራ ነፃነት ቦታ የለውም ብሏል፡፡ ሥዕሉና ስርጭቱ ደግሞ የቀረጸውና ያሰራጨው ድርጅት መብት ነው፡፡ ክርክር የሚያስነሳው ሦስተኛው፣ ንግግሩ ነው፡፡

የቅጅና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ጥበቃ ከሚሰጣቸው ሥራዎች ውስጥ ንግግርንና ሌሎች በቃል የሚቀርቡ ሥራዎችን ያካትታል፡፡ የሚጠይቀው ሥራው ወጥ እንዲሆንና በአንድ ነገር ላይ እንዲቀረጽ ነው፡፡ እንደ እኔ አነባበብ፣ የውጤትና የደቂቃ ቁጥር መንገር ብቻውን ወጥ ሥራ ላይባል ይችላል፤ አንድ ኮሜንታተር በራሱ ቃላትና ዘዬ ጨዋታውን የተረከበት፣ በቴፕ የተቀረጸ ስርጭት ግን ይህን መመዘኛ ያሟላል፡፡

ታዲያ ባለቤቱ ማን ነው? አዋጁ በቅጥር ላይ ያለ ሰው በሥራው ያመነጨው ሥራ፣ ተቃራኒ ስምምነት ከሌለ፣ የአሠሪው ነው ይላል፡፡ ስለዚህ የቀድሞዎቹ ኮሜንታተሮች ንግግር የኢኮኖሚ መብት የመሥሪያ ቤቱ ነው፡፡ የሞራል መብቱ፣ ማለትም በስሙ የመጠራትና ሥራው እንዳይጣመም የመቃወም መብቱ፣ ግን ከተናጋሪው ጋር የሚቀር ነው ብዬ እከራከራለሁ፡፡ የአየር ሰዓት ገዝቶ የሚሠራው ጋዜጠኛ በበኩሉ ተቀጣሪ አይደለምና፣ ውሉ ሌላ ካላለ ንግግሩ የእሱ ነው፡፡ የተቀረጸ ቅጅ በእጁ ከሌለ ግን ይህ መብት የወረቀት መብት ሆኖ ይቀራል፡፡

ከንግግሩ አልፈን ወደ ድምፁ፣ ወደዚያ ሰው ሁሉ ወደሚለየው ቃና ስንሄድ ክፍተቱ ይሰፋል፡፡ የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕጋችን በአንቀጽ 27 የሰውን ፎቶግራፍና ምስል ያለፈቃዱ ማሳየትም ሆነ መሸጥን ይከለክላል፡፡ ስለ ድምፅ የተናገረው ነገር የለም፡፡ ሕጉ በወጣበት ዘመን የሰውን ድምፅ ከሰውየው ነጥቆ መውሰድ አይታሰብም ነበርና አያስደንቅም፡፡ ዛሬ ግን ኮምፒዩተር የአንድን ሰው ድምፅ ከጥቂት ቅጂ ተምሮ ያልተናገረውን ያናግረዋል፡፡ በሕይወት የሌለ ኮሜንታተር ለአንድ የውርርድ ድርጅት ማስታወቂያ ሲፎክር ብንሰማ ቤተሰቡ በየትኛው አንቀጽ ይከስሳል? በ2016 ዓ.ም. የወጣው የግል መረጃ ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 1321/2016 ለክርክር በር ይከፍት ይሆናል፤ ይህን ጉዳይ ዓላማው አድርጎ የተነሳ ሕግ ግን አይደለም፡፡

የተቃራኒው ወገን መከራከሪያ

ለአሠሪው ወገንም ጆሮ እንስጥ፡፡ «ደመወዝ ከፍያለሁ፤ ማይክሮፎኑ፣ የስልክ መስመሩ፣ ቴፑ፣ የአውሮፕላን ትኬቱ ሁሉ የእኔ ነው፡፡ የእኔ ጣቢያ ባይኖር ድምፁን ማን ይሰማው ነበር?» ሊል ይችላል፡፡ ክርክሩ ቀላል አይደለም፡፡ የመንግሥት ጣቢያ ከሆነ ደግሞ ወጪው የሕዝብ ነውና ቅርሱም የሕዝብ መሆን አለበት የሚል ይጨመርበታል፡፡

እኔም ሙሉ ባለቤትነት ለኮሜንታተሩ ይሰጥ አልልም፡፡ እንዲህ ቢደረግ አንድ ዘጋቢ ፊልም ለመሥራት ከአሥር ወራሾች ፈቃድ መለመን ሊያስፈልግ ነው፡፡ የምለው ባለቤትነት ግዴታም አለበት ነው፡፡ የአንድን ትውልድ ትውስታ በመጋዘኑ የያዘ ድርጅት ያንን የመጠበቅ፣ የመዘርዘርና ለሚፈልገው የማሳየት ኃላፊነት አለበት፡፡ ዛሬ የ1980ውን የሴካፋ ፍፃሜ ወይም ከዚያ የቀደመውን ለመስማት የሚፈልግ ወጣት የሚሄደው ወደ ዩቲዩብ ነው፡፡ እዚያ የሚያገኘው ማን እንደጫነው የማይታወቅ፣ ግማሹ የተቆረጠ፣ ብዙ ጊዜ የኮሜንታተሩ ስም ያልተጻፈበት ቅጂ ነው፡፡ ማስታወቂያው የሚያስገኘው ገንዘብ ለተናገረውም ለቀረጸውም አይደርስም፡፡

ምን ይደረግ?

አንደኛ፣ ኮሜንታተሩና ጣቢያው የሚፈራረሙት ውል ስለ ድምፁ በግልጽ ይናገር፡፡ ስርጭቱ ከቀጥታ ጨዋታው ውጭ ለማስታወቂያ፣ ለፊልም ወይም ለሌላ ንግድ ሲውል ተናጋሪው ምን ድርሻ እንዳለው ሁለት ዓረፍተ ነገር ይበቃል፡፡ አዋጁ «ተቃራኒ ስምምነት ከሌለ» ማለቱ ስምምነት እንዲኖር ቦታ መተዉ ነው፡፡ ያንን ቦታ ባዶ የምንተወው እኛው ነን፡፡

ሁለተኛ፣ ድምፁን በኮምፒዩተር አስመስሎ መሥራት ያለ ሰውየው ወይም ያለ ወራሾቹ የጽሑፍ ፈቃድ እንደማይቻል በውል ይጻፍ፤ በሂደትም የፍትሐ ብሔር ሕጉ አንቀጽ 27 ከምስል ጎን ድምፅን እንዲጨምር ሕግ አውጪው ያስብበት፡፡ ይህ የስፖርት ጋዜጠኞች ጉዳይ ብቻ ሳይሆን የማንኛውም ዜጋ ጉዳይ ነው፡፡

ሦስተኛ፣ የድሮ ስርጭቶች ቅጅ ለኢትዮጵያ ቤተ መዛግብትና ቤተ መጻሕፍት አገልግሎት ይሰጥ፡፡ ቀኑ፣ ጨዋታው፣ የተናጋሪው ስም ተመዝግቦ ተመራማሪ እንዲያዳምጠው ይደረግ፡፡ ብራና ላይ የተጻፈውን እንደምንጠብቅ ሁሉ ቴፕ ላይ የተነገረውን መጠበቅ አለብን፡፡ ቴፕ ደግሞ ከብራና በፊት ይበሰብሳል፡፡

አራተኛ፣ የአየር ሰዓት ገዝተው የሚሠሩ ባለሙያዎች እያንዳንዱን ፕሮግራማቸውን ቅጂ ይያዙ፤ ለጡረታቸውም በራሳቸው ፈቃድ ይመዝገቡ፡፡ ማኅበር ቢኖራቸው ይህን በጋራ ማስደራደር ይቀላል፡፡ ሙዚቀኞች በቅጅ መብት ጉዳይ ለዓመታት ጮኸው የተወሰነ ውጤት ያገኙት በማኅበር ነው፡፡

በ2015 ዓ.ም. በአማራ ክልል የሞባይል ኢንተርኔት ሲቋረጥ፣ ለወራት ስልክ በእጁ የያዘ የጋይንት ወጣት ጎል በስልኩ ማየት አልቻለም፡፡ በዚያ ጊዜ ሬዲዮ ለብዙዎች ተመልሶ ዋና የመረጃ መንገድ ሆነ፤ ሥዕል ሲጠፋም እያየ የሚነግር ሰው ዋጋው ምን ያህል እንደሆነ ያልነበርንበት ትውልድ አየው፡፡ የዚያ ሙያ ሰዎች ከማይክሮፎናቸው ሲለዩ በድምፃቸው ላይ አንዳች መብት፣ ለድምፃቸውም አንድ የተመዘገበ ቦታ ሊኖራቸው ይገባል፡፡ ይህን ለማድረግ አዲስ መሥሪያ ቤት አያስፈልግም፡፡ በሚቀጥለው ውል ላይ ሁለት ዓረፍተ ነገር መጨመርና ቴፖቹን ከመጋዘን ማውጣት መጀመር ይበቃል፡፡